ልጄ «አባዬ ስንት ሰው ገደለ?» ብሎ ጠየቀኝ፤ የትኛውን ፊልም ላሳየው?

«ባለቤቴ ወታደር ነው። ለግዳጅ ከሄደ ስምንት ወር ሆነው። ሦስት ልጆች አሉን፦ የ13 ዓመት ሴት፣ የ9 ዓመት ወንድ እና የ5 ዓመት ሴት። ወንዱ ልጄ ከዱላም ከማንኪያም ጠመንጃ ይሠራል። ቀኑን ሙሉ ‹ድው ድው› ነው። ባለፈው ሳምንት እራት ላይ ‹አባዬ ስንት ሰው ገደለ?› አለኝ። ክው አልኩ። ትልቋ ምግቧን ትታ ተነስታ ሄደች። እሷ ስለ አባቷ ማውራት ካቆመች ቆይታለች። አባታቸው ምን እንደሚሠራ፣ ለምን እንደሄደ፣ ምን እየከፈለ እንደሆነ እንዲገባቸው እፈልጋለሁ። ቃላት ግን ያጥሩኛል። አብረን የምናየው፣ የማያስፈራቸው፣ በአባታቸው እንዲኮሩ የሚያደርግ ፊልም ይኖራል? ወይስ ጭራሽ ባላሳያቸው ይሻላል?»

ውድ እህቴ፣

ደብዳቤሽን ደጋግሜ ነው ያነበብኩት። የእኔም አባት ወታደር ነበር። ስለዚህ መጀመሪያ አንድ ነገር ላውራሽ።

አሥር ዓመቴ ነው። አንድ ምሽት ቤተሰቡ ሁሉ ቴሌቪዥኑ ፊት ተሰብስበን የጦርነት ፊልም እናያለን። አባቴ ከግዳጅ ከተመለሰ ገና ሁለተኛ ሳምንቱ ነው። ፊልሙ ላይ አንድ ሕንፃ በፍንዳታ ተደረመሰ። ወንድሞቼ አጨበጨቡ። አባቴ ቀስ ብሎ ተነሳና ወጣ። በመስኮት አየሁት። ደጃፍ ላይ ቁጭ ብሎ ጫማውን ይቦርሻል። ጫማው ንጹሕ ነበር፤ ጠዋት ቦርሾታል። እሱ ግን አንዱን ጨርሶ ሌላውን ያነሳል፣ ደግሞ ወደ መጀመሪያው ይመለሳል። እናቴ «ተዉት» አለችን። ተውነው። ፊልሙን እስከ መጨረሻው አየን።

ካደግኩ በኋላ ያን ምሽት አንስቼ ጠየቅኩት። አባቴ ብዙ አያወራም። «በሩ ላይ የወደቀውን ልጅ አንድም ሰው ዞር ብሎ አላየውም» አለኝ። ሌላ ምንም አልጨመረም። እኔ በሩ ላይ የወደቀ ሰው መኖሩን እንኳ ልብ አላልኩም ነበር።

ከዚያ ወዲህ ለልጅ የሚሆን የጦርነት ፊልም ስመርጥ መጀመሪያ የማየው ይህንን ነው። ሰው ሲወድቅ ፊልሙ ዞር ብሎ ያየዋል? ወይስ እየረገጠው ያልፋል? ዞር የማይል ፊልም ደም ባይኖርበትም ለልጆችሽ አይሆንም። ዞር የሚል ፊልም ደግሞ ከባድ ነገር ቢይዝም፣ አጠገባቸው ከተቀመጥሽ ይችሉታል።

ስለዚህ መልሴ «አሳያቸው» ነው። ግን ለሦስቱም አንድ ዓይነት ፊልም አይሆንም። ሁሉንም ደግሞ አሁን አይደለም። አባታቸው አሁን ግንባር ላይ ነው፤ ይህ የምርጫችንን ግማሽ ይወስነዋል።

በዕድሜ ደረጃ ብቻ እንዳትመሪ። የአሜሪካ ፊልሞች ላይ «ጂ» የሚል ካየሽ ለሁሉም ዕድሜ ነው። «ፒጂ» ወላጅ ይጠንቀቅ ማለት ነው። እ.ኤ.አ. በ1984 የተጨመረው «ፒጂ 13» ደግሞ ከ13 ዓመት በታች ላሉት በጣም ይጠንቀቅ ይላል። ደረጃ የሚሰጡት ሰዎች የሚያዩት ደሙን፣ ስድቡን፣ ድብድቡን ነው። አባቱ ዘምቶ እራት ጠረጴዛ ላይ አንድ ወንበር ባዶ የሆነበትን ልጅ አያውቁትም። እሱን የምታውቂው አንቺ ነሽ።

«ካርቱን ነውና ለልጅ ነው» የሚለውንም ተጠንቀቂ። «ግሬቭ ኦፍ ዘ ፋየርፍላይስ» የሚባል የጃፓን አኒሜሽን አለ። ኢሳኦ ታካሃታ እ.ኤ.አ. በ1988 የሠራው ነው። በጃፓን ሲኒማ ቤቶች ሲከፈት «ቶቶሮ» ከሚባለው የሕፃናት ፊልም ጋር ተጣምሮ ነው የታየው። እንደ ፊልም ከተጠየቅኩ፣ ስለ ጦርነት ከተሠሩት ሁሉ ከምወዳቸው አንዱ ነው። አንቺ ቤት ግን አሁን አይግባ። ታሪኩ ስለ አንድ ወንድም እና ትንሽ እህቱ ነው። አባታቸው የባሕር ኃይል መኮንን ነው፤ ልጁ አባቱን ይጠብቃል። በኋላ መርከቦቹ መስጠማቸውን ይሰማል። ሁለቱም ልጆች ይሞታሉ። ፖስተሩን አይቶ «ልጆች ያሉበት ካርቱን ነው» ብሎ የሚከፍት ወላጅ ብዙ ነው። አንቺ እንዳትከፍቺው።

አሁን ወደ ልጆችሽ።

የአምስት ዓመቷ የጦርነት ፊልም አያስፈልጋትም። የሚያስፈልጋት «አባዬ ሄደ፤ እኔ ስላጠፋሁ አይደለም፤ ይወደኛል» የሚለው ብቻ ነው። ለዚህ «ሰሰሚ ስትሪት» የሚባለውን የሕፃናት የቴሌቪዥን ዝግጅት የሚያዘጋጁት ሰዎች እ.ኤ.አ. በ2006 ለወታደር ልጆች የሠሩት ቪዲዮ አለ። ኤልሞ የሚባለው ቀዩ አሻንጉሊት አባቱ ለሥራ ርቆ ሊሄድ ነው፤ ያ ብቻ ነው ታሪኩ። ተኩስ የለም፣ ጠላት የለም። እ.ኤ.አ. በ2008 በወጣው ተከታይ ላይ ደግሞ ሮዚታ የምትባለው አሻንጉሊት አባት ተጎድቶ በተሽከርካሪ ወንበር ይመለሳል። የመጀመሪያውን አሳያት። ሁለተኛውን አንቺ እይውና ለሚያስፈልግ ቀን አቆይው። ቋንቋው ባይገባት አጠገቧ ሆነሽ ተርኪላት፤ ያንቺ ድምፅ ይበልጥባታል። ትልልቆቹ ሌላ ፊልም ሲያዩ እሷ ትተኛ። «ተኝታለች፣ አትሰማም» ብለሽ ሳሎን ሶፋ ላይ ግን አታስተኛት። ልጆች ይሰማሉ።

ለዘጠኝ ዓመቱ ሦስት ፊልም አለኝ።

የመጀመሪያው «ሙላን» ነው። እ.ኤ.አ. በ1998 የወጣው አኒሜሽን እንጂ የ2020ው አይደለም፤ ያኛው «ፒጂ 13» ነው፣ ድብድቡም ይበዛል። በአኒሜሽኑ መጀመሪያ አካባቢ ያለችውን ትዕይንት አስተውያት። የንጉሠ ነገሥቱ መልእክተኞች መጥተው ከየቤቱ አንድ ወንድ ይጠራሉ። የሙላን አባት አሮጌ ወታደር ነው፤ በፊተኛው ጦርነት እግሩ ተጎድቷል። ስሙ ሲጠራ ምርኩዙን ትቶ እያነከሰ ሄዶ ወረቀቱን ይቀበላል። ማታ ብቻውን ሰይፉን ይሞክራል፤ እግሩ ይከዳውና ይወድቃል። ልጁ ተደብቃ ታየዋለች። ለልጅሽ «ግዳጅ» የሚለው ቃል ከዚህ በላይ በምን ይገለጽለታል? አባትየው ደስ ብሎት አይደለም የሚሄደው። ጀግና መምሰል ፈልጎም አይደለም። ተራው ስለደረሰ ነው።

ሙላን ወንድ መስላ በአባቷ ፈንታ ትዘምታለች። ከዚያ በመሃል አንድ ቦታ አለ። ምልምሎቹ በበረዶ እየተጓዙ ስለሚያገቧት ሴት ይዘፍናሉ፤ ዘፈኑ ያስቃል። ልጅሽም መሳቁ አይቀርም። ድንገት ዘፈኑ መሃል ላይ ይቋረጣል። ፊታቸው የተቃጠለ መንደር አለ። ሙላን ከአመዱ መሃል የአንዲት ሕፃን አሻንጉሊት ታነሳለች። አዛዣቸው የአባቱን የራስ ቁር ይቀበላል፤ አባቱ ጄኔራል ነበር። ሰይፉን በረዶው ላይ ተክሎ ቁሩን ያኖርበታል። ሙላንም አሻንጉሊቷን አጠገቡ ታስቀምጣለች። አንድም ሬሳ በቅርብ አናይም። ግን ፊልሙ ቆመ፣ ዞር ብሎ አየ። አባቴ ያን ምሽት የፈለገው እንዲህ ያለውን ነው።

እንከን የለውም አልልሽም። ጠላቶቹ ከመሪያቸውና ከጥቂት ተከታዮቹ በስተቀር ፊት የላቸውም። በሺህ የሚቆጠሩት በበረዶ ናዳ ሲዋጡ ፊልሙ አያዝንላቸውም። ልጅሽ «እነሱስ ልጆች የላቸውም?» ብሎ ከጠየቀ እሰየው። «አላቸው» በይው። ካልጠየቀ እዚያው ትምህርት አትጀምሪ። ሌላ ቀን ይመጣል።

መጨረሻውን ግን አታሳልፉ። ሙላን ወደ ቤት ስትመለስ ለአባቷ የጠላትን ሰይፍና የንጉሠ ነገሥቱን ማኅተም ይዛለት ትመጣለች። አባትየው ሁለቱንም ወደ ጎን ይጥላቸውና እሷን ያቅፋል። እኔ እዚህ ጋ ሁልጊዜ አለቅሳለሁ።

ሁለተኛው «ሰርጀንት ስታቢ» ነው፤ እ.ኤ.አ. የ2018 አኒሜሽን። ስለ እውነተኛ ውሻ ነው። በአንደኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ አንድ ባለቤት የሌለው ውሻ አሜሪካ ውስጥ የምልምሎች ማሠልጠኛ ገባ። ሮበርት ኮንሮይ የሚባል ወታደር ለመደውና ደብቆ በመርከብ ወደ ፈረንሳይ ወሰደው። ውሻው የመርዝ ጋዝ ሲመጣ ቀድሞ እያሸተተ የተኙትን በመቀስቀስ ይታወቃል። ዛሬም ቆዳው ተጠብቆ ዋሽንግተን በሚገኘው የስሚዝሶኒያን ሙዚየም አለ። ለልጅሽ ይህን ንገሪው፤ «የእውነት ነው?» ማለቱ አይቀርም። ፊልሙ የወታደርን ተራ ቀን ያሳያል፦ ሥልጠናውን፣ ጭቃውን፣ ጓደኝነቱን፣ መጠበቁን። ታሪኩን የምትተርከው ደግሞ ቤት የቀረችው የወታደሩ እህት ናት። ቤት የቀረ ሰውም የታሪኩ አካል መሆኑን ልጆችሽ ቢያዩ ደስ ይለኛል።

ሦስተኛው ጨርሶ ስለ ዘመቻ አይደለም። ግን ለጠመንጃ ጨዋታው ከዚህ የተሻለ አላውቅም። «ዘ አይረን ጃይንት» ይባላል፤ ብራድ በርድ እ.ኤ.አ. በ1999 ያወጣው አኒሜሽን። ከሰማይ የወደቀ ግዙፍ የብረት ፍጡር ከአንድ ልጅ ጋር ይወዳጃል። ፍጡሩ ራሱ መሣሪያ ነው፤ ግን ረስቶታል። ጫካ ውስጥ አዳኞች አንዲት አጋዘን ሲገድሉ ያያል። ጎንበስ ብሎ በጣቱ ይነካታል። ለምን እንደማትነሳ አይገባውም። ልጁ ስለ ሞት ሊያስረዳው ይሞክራል። በኋላ ልጁ የመጫወቻ ሽጉጥ ይዞ «ድው ድው» ሲልበት፣ ፍጡሩ ሳያስበው መሣሪያው ይነሳና ልጁን ሊገድለው ለጥቂት ይተርፋል። መጫወቻ ነበር እኮ። ይህን ሲያዩ ልጆች ዝም ይላሉ። ያን ዝምታ አትቁረጪው። «አየህ፣ አልነገርኩህም?» እንዳትይ፤ እባክሽ።

እዚያ ፊልም ላይ አንድ ጄኔራልም አለ። ልጁ በሕይወት እንዳለና ፍጡሩ ጠላት እንዳልሆነ ሲረዳ ተኩስ እንዲቆም ያዛል። ሚሳኤሉን የሚያስተኩሰው የደነገጠ ሲቪል ባለሥልጣን ነው። ወታደር ማለት የሚተኩስ ብቻ ሳይሆን መቼ እንደማይተኩስ የሚያውቅ መሆኑን ልጅሽ ከዚህ ያገኘዋል። መጨረሻ ላይ ፍጡሩ ከተማዋን ለማዳን ሚሳኤሉን ሊገጥም ወደ ሰማይ ይወጣል። ይፈነዳል። በኋላ ስብርባሪዎቹ እንደገና መሰብሰብ ይጀምራሉ። ልጁ ደስ ይለዋል፤ ይበለውም። ግን «ሰውም እንዲህ ይሰበሰባል?» ብሎ ከጠየቀ እውነቱን ንገሪው። «አይ፣ ሰው እንደሱ አይሰበሰብም። ለዚህ ነው ወታደሮች እርስ በርስ የሚጠባበቁት።»

ወደ ትልቋ ልምጣ። ስለ እሷ ነው ይበልጥ የማስበው። የምትጫወት ልጅ ሐሳቧን እያወጣች ነው። ምግቧን ትታ የምትነሳ ልጅ ግን ብቻዋን ተሸክማዋለች።

ለእሷ «ዋር ሆርስ»ን እመርጣለሁ። ስቲቨን ስፒልበርግ እ.ኤ.አ. በ2011 ያወጣው ነው። «ፒጂ 13» ነው፤ ሁለት ሰዓት ተኩል ገደማ ይወስዳል። ለዘጠኝ ዓመቱ አሁን አይሆንም። የሁለታችሁ ጊዜ ይሁን፤ እሱን መለየቱ ለእሷ ክብር ነው። ታሪኩ አልበርት ስለሚባል ልጅ እና ጆይ ስለሚባል ፈረሱ ነው። ፈረሱ ለአንደኛው የዓለም ጦርነት ተሸጦ ይሄዳል። ልጁም ሲደርስ ይዘምታል።

ይህን የመረጥኩት ሞትን በሚያሳይበት መንገድ ነው። ፈረሰኛ ጦር መትረየስ ወደተጠመደበት ጫካ ይጋልባል። ሲወድቁ አናይም። የምናየው ፈረሶቹ ያለ ሰው ሲዘሉ ነው፤ ባዶ ኮርቻ። ሁለት ጀርመናዊ ወንድማማቾች ከጦሩ ሸሽተው ተይዘው ሲረሸኑ፣ ልክ በዚያች ሰከንድ የነፋስ ወፍጮው ክንፍ መጥቶ ይጋርዳቸዋል። ክንፉ ሲያልፍ መሬት ላይ ናቸው። ዳይሬክተሩ ዓይናችንን ጠበቀልን፤ እውነቱን ግን አልደበቀንም። ፈረሶችም ይሞታሉ፣ ያንን ቀድመሽ ንገሪያት። አልበርት ግን ወደ ቤቱ ይመለሳል። አባቷ ገና ላልተመለሰ ልጅ ይህ ትልቅ ነገር ነው።

ጆይ በሁለቱ ምሽጎች መካከል እሾሃማ ሽቦ ውስጥ ተተብትቦ የሚያድርበት ቦታ ደግሞ አለ። ከአንዱ ምሽግ አንድ እንግሊዛዊ ነጭ ጨርቅ ይዞ ይወጣል። ከሌላው አንድ ጀርመናዊ የሽቦ መቁረጫ ይዞ ይመጣል። ሌላ መቁረጫ ቢኖር ብሎ ወደ ጓዶቹ ሲጣራ፣ ከምሽጉ ውስጥ አንድ ሳይሆን ብዙ መቁረጫ እየተወረወረ ይወድቃል። ሁለቱ አጎንብሰው፣ እያወሩ፣ ሽቦውን ይቆርጣሉ። ሳንቲም ወርውረው ፈረሱን ማን እንደሚወስድ ይወስናሉ። ከዚያ እያንዳንዱ ወደ ምሽጉ ይመለሳል። ነገ ይተኳኮሳሉ። ልጅሽ 13 ዓመቷ ነው፤ ይህ ይገባታል።

ይህን ፊልም የማስታውስሽ ግን ለሌላም ምክንያት ነው፤ ላንቺ። የአልበርት አባት በደቡብ አፍሪካ በቦር ጦርነት የተዋጋ ሰው ነው። ይጠጣል፣ ስለዚያ ጊዜ ትንፍሽ አይልም። ልጁ አባቱን ይታዘበዋል። እናትየው አንድ ቀን የአባቱን ሜዳሊያና የክፍሉን ትንሽ ባንዲራ አውጥታ ታሳየዋለች። አባትየው ጥሎት ነበር፤ እሷ ናት አንስታ ያስቀመጠችው። ለልጇም አባቱ በመግደል አልኮራም ያለ ሰው መሆኑን ትነግረዋለች። እንደ ጀግና አታወድሰውም፣ እንደ ጥፋተኛም አትወቅሰውም። በረት ውስጥ፣ ቀስ ብላ ነው የምታወራው። እህቴ፣ ቃላት ያጥሩኛል ብለሻል። እስቲ ይቺን እናት ሁለት ጊዜ እያት።

ወደ እራት ሰዓቱ ጥያቄ ልመለስ። «አባዬ ስንት ሰው ገደለ?» ልጁ ክፉ አይደለም። የዘጠኝ ዓመት ልጅ ነገሮችን በቁጥር ነው የሚያውቀው፤ ስንት ጎል፣ ስንት ነጥብ። በእኔ አስተያየት እንዲህ በይው፦ «አላውቅም። ሰው መግደል ከባድ ነገር ነው፤ አባትህ ስለዚያ ማውራት ከፈለገ አንድ ቀን ራሱ ይነግርሃል። እኔ የማውቀው ሌሊት ጓደኞቹ እንዲተኙ እሱ ጥበቃ እንደሚቆም ነው።» የጥበቃውን እውነት መሆን መጀመሪያ ባለቤትሽን ጠይቂውና ነው ታዲያ። ሌላ የሚሠራው ነገር ካለ እሱን ተናገሪ። አባት በስልክ ሲገኝ ልጁ ያን ጥያቄ ድንገት እንዳይጠይቀው አስቀድመሽ ተነጋገሪው። ስልኩ የሚገኘው ጓዶቹ መሃል ሆኖ ሊሆን ይችላል። በምትኩ «ምን በላህ? አጠገብህ የሚተኛው ማን ነው? ያኮርፋል?» ብለው ይጠይቁት። በእነዚህ ጥያቄዎች አባታቸውን ከየትኛውም ፊልም በላይ ያውቁታል።

«አባዬ ይሞታል?» የሚለውም አይቀርም። ከትልቋ ይመስለኛል የሚመጣው፣ ምናልባት ፊልሙ ካለቀ በኋላ፣ መብራት ሲጠፋ። «በፍጹም አይሞትም» አትበያት። የማትችይውን ቃል አትግቢ፤ 13 ዓመቷ ነው፣ ታውቅብሻለች። «እኔም እፈራለሁ። በደንብ ሠልጥኗል፣ ብቻውን አይደለም። ዜና ሲኖር ምንም አልደብቅሽም» በያት። የእናቷን ፍርሃት ካወቀች የራሷን መደበቅ ታቆማለች።

እንዴት እንደምታዩም ትንሽ ልበል። ሁሉንም ቀድመሽ ብቻሽን እይው፤ ትሬለር አይበቃም። በቀን እንጂ ልክ ከመኝታ በፊት አታሳዪ። ሪሞቱ አንቺ ጋ ይሁን። ልጁ ፊቱን ከሸፈነ አቁሚና «ልቀጥል?» በይው። ፊልሙ ሲያልቅ ፈተና እንደሚሰጥ አስተማሪ «ምን ተማራችሁ?» አትበይ። ተነሺና ሌላ ሥራ ጀምሪ። ጥያቄው ከሦስት ቀን በኋላ ጫማ ሲያስሩ ይመጣል። የጠመንጃ ጨዋታውንም አትከልክይው። ጨዋታው ሲለወጥ ታያለሽ፤ አንድ ቀን የቆሰለ ሰው ተሸክሞ መሮጥ ይጀምራል።

እንዲኮሩ እፈልጋለሁ ያልሽውም ገብቶኛል። ግን ኩራት በትዕዛዝ አይመጣም። ልጆቹ አባታቸው ምን እንደሚከብደው ሲያውቁ፣ ከብዶትም እንደሚሠራው ሲያዩ፣ ኩራቱ ሳይጠራ ይመጣል።

የቀሩት ፊልሞች አባታቸው ሲመለስ ይታዩ። እ.ኤ.አ. በ1959 የወጣ «ባላድ ኦፍ ኤ ሶልጀር» የሚባል ጥቁርና ነጭ የሶቪየት ፊልም አለ፤ ዳይሬክተሩ ግሪጎሪ ቹኽራይ ነው። አልዮሻ የሚባል የ19 ዓመት ወታደር ሁለት ታንክ ይመታል። ጄኔራሉ ሊሸልመው ሲል «በሽልማቱ ፈንታ እናቴን ልይ፤ የቤቷ ጣሪያ ያፈሳል» ይላል። ስድስት ቀን ይሰጠዋል፦ ሁለት ለመሄጃ፣ ሁለት ለመመለሻ፣ ሁለት ለጣሪያው። መንገድ ላይ የተቸገረ ሁሉ ያስቆመዋል። አንድ እግሩን ያጣ ወታደር ወደ ሚስቱ ለመመለስ ሲፈራ እሱን ሲያግዝ ባቡር ያመልጠዋል። ቀኖቹ እንዲህ ያልቃሉ። እናቱ ጋ ሲደርስ የሚቀረው ጥቂት ደቂቃ ነው። ጣሪያው አይጠገንም። እንደማይመለስ ፊልሙ ገና ሲጀምር ይነግረናል። መስዋዕትነት ምን እንደሆነ ለማሳየት ከዚህ የሚበልጥ አላየሁም፤ አሁን ግን አንቺም ብቻሽን እንዳታዪው።

ሲመለስ ለሁለታችሁ፣ ምናልባትም ለትልቋ ጭምር፣ «ዘ ቤስት ይርስ ኦፍ አወር ላይቭስ» አለ። እ.ኤ.አ. በ1946 ወጣ። ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት ስለተመለሱ ሦስት ሰዎች ነው። ሁለት እጁን ያጣውን ወታደር የሚጫወተው ሃሮልድ ራስል የእውነትም እጆቹን በሥልጠና አደጋ ያጣ ሰው ነው፤ ለዚህ ሚናው ሁለት ኦስካር ተሸልሟል። ሌላኛው ደግሞ ለልጁ ከጦር ሜዳ የጃፓን ሰይፍ ያመጣለታል። ልጁ ሰይፉን ያያል፣ ያመሰግናል፣ ከዚያ ስለ ሂሮሺማ ይጠይቀዋል። አባትየው ግራ ይገባዋል። ልጁ እሱ ሳይኖር አድጓል። ባለቤትሽ ሲመጣ እንዲህ ያለ ግራ መጋባት ቤታችሁም ይገባል፤ ተዘጋጁበት። ፊልሙ ሦስት ሰዓት ሊሞላ ትንሽ ነው የሚጎድለው፤ በሁለት ምሽት እዩት።

ለአሁኑ በዚህ ሳምንት «ሙላን»ን ብቻ አሳዪ። ትልቋም ትቀመጥ፤ «የልጆች ነው» ካለች «ወንድምሽን አግዢልኝ» በያት።

አባታቸው ሲመለስ ደግሞ ፊልሙን እሱ ይምረጥ። መሃል ላይ ተነስቶ ከወጣ አትደንግጪ፤ ፊልሙን አቁሙና ልጁን ላኪው። እኔ ያን ምሽት ተከትዬ አልወጣሁም። እሱ ይውጣና አጠገቡ ይቀመጥ። ምንም መናገር የለበትም። አባቱ ጫማ የሚቦርሽ ከሆነ ብሩሹን ያቀብለው።